የደርግ ዘመን ሴት እስረኞች ታሪካቸውን ለመጻፍ ለምን ዘገዩ?

ወረቀትና ቀለም

ሰላም ለሁላችሁ። ሰሞኑን አንድ ጥያቄ ከአእምሮዬ አልወጣ ብሎኛል። እዚህ ብዙ የምታነቡ ሰዎች ስላላችሁ ላካፍላችሁ።

በደርግ ዘመን የታሰሩት ሴቶች ብዙ ናቸው። ተማሪዎች፣ አስተማሪዎች፣ ነርሶች፣ ጋዜጠኞች ነበሩበት። «ልጅሽ የት ገባ?» ተብለው የታሰሩ እናቶችም አሉ። ራሳቸው ጽፈው ያስቀመጡልን ግን በጣት የሚቆጠሩ ናቸው። የጻፉትም ቢሆኑ ከስንት ዓመት በኋላ! ሕይወት ተፈራን ውሰዱ። ደርግን በድብቅ ይታገል በነበረው ፓርቲ በኢሕአፓ አባልነታቸው ተይዘው 8 ዓመት ታስረዋል። መጽሐፋቸው በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ፕሬስ የወጣው በፈረንጆቹ 2012 ነው፣ ያውም መጀመሪያ በእንግሊዝኛ። አማርኛው «ማማ በሰማይ» የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። ከቀይ ሽብር እስከዚያ መጽሐፍ ከ30 ዓመት በላይ አልፏል።

ፍርሃት ነው እንዳልል ደርግ ግንቦት 1983 ላይ ወድቋል። ስለ ደርግ ክፉ መናገር ከዚያ በኋላ ወንጀል አልነበረም። ታዲያ ምን ያዛቸው? እኔ ፍርሃት ብቻ አይመስለኝም። እዚያ ውስጥ ብዕር ራሱ የሆነው ነገር ያለ ይመስለኛል። የምታውቁትን ንገሩኝ።

የካዛንቺስ ልጅ

የወንዶቹስ መቼ ቶሎ ተጻፈና? እነሱም ቢሆኑ ዓመታት ፈጅተዋል።

ግን አንድ ልዩነት አለ። የወንዶቹ መጽሐፍ አብዛኛው የድርጅት ሙግት ነው። ማን ቀድሞ ተኮሰ፣ ኢሕአፓ ነው ወይስ ተቀናቃኙ ፓርቲ መኢሶን፣ ማን ለደርግ አደረ፣ ማን ማንን አሳልፎ ሰጠ። አንዱ ሲጽፍ ሌላው ስሙ ተነሳና መልስ ይጽፋል። መልሱ ሌላ መልስ ይጠራል። ሴቶቹ አመራር ላይ የነበሩት ጥቂቶች ስለሆኑ በዚህ ሙግት ውስጥ ስማቸው አይነሳም። ስለዚህ «ተነሺና መልስ ስጪ» ብሎ የሚገፋቸው አልነበረም። እስር ቤት ውስጥ ስላሳለፉት ኑሮ ደግሞ የጠየቃቸው የለም።

ወረቀትና ቀለም

ይሄ ጥሩ ነጥብ ነው። የወንዶቹን ሳነብ እስር ቤቱ ቶሎ ያልፋል። ተያዝኩ፣ ተገረፍኩ፣ ወጣሁ፤ ከዚያ ወደ ፖለቲካው። ሴቶቹ የጻፉት ላይ ግን እስር ቤቱ ቤት ነው። ማን የት ተኛ፣ ማን ታመመ፣ ማን ለማን አካፈለ። ለእኔ ታሪክ ማለት ይሄም ነው።

መዝገብ ቤት

ስለ ብዕር ያነሳሽው እውነት ነው። ከእስሩ በፊት ልጀምር።

መጋቢት 1969 አዲስ አበባ ውስጥ ቤት ለቤት አሰሳ ተደርጓል። የሚፈለገው ሽጉጥና ቦምብ ብቻ አልነበረም። የጽሕፈት መኪና፣ ማባዣ ማሽን፣ ስቴንስልም እንደ ጦር መሣሪያ ይፈለግ ነበር። የኢሕአፓ ልሳን «ዴሞክራሲያ» በድብቅ የሚባዛው በእነዚህ ነው። በወሩ ሚያዝያ 9 መንግሥቱ ኃይለ ማርያም አብዮት አደባባይ ቆመው ቀይ ፈሳሽ የሞላበትን ጠርሙስ ከሰከሱት። ከዚያ ወዲያ የሆነውን ሁላችሁም ታውቃላችሁ።

በዚያ ወቅት የተማረ ሰው ያለበት ቤት ምን ይሠራ ነበር? ወረቀት ያቃጥላል። ደብዳቤ፣ የግጥም ደብተር፣ ፎቶ ከጀርባው ስም የተጻፈበት። ማስታወሻ ደብተር መያዝ ማለት ጓደኞችህን በሙሉ በዝርዝር አዘጋጅቶ ለአሳሹ ማቅረብ ነበር። እና አንዲት የመጻፍ ፍቅር ያላት የ20 ዓመት ልጅ ከመታሰሯ በፊት ጽሑፏን በገዛ እጇ ምድጃ ውስጥ ከታዋለች። ይሄ ትውልድ መጻፍን የተለማመደው እንዲህ ነው።

ሰው ሁሉ የሚያወራው ስለ ሞቱት ነው፤ ተገቢ ነው። የተቃጠለው ወረቀት ግን ማንም ያልቆጠረው ነው።

አዲስ አንባቢ

እስር ቤት ውስጥስ አይጻፍም ነበር? የግብጿ ደራሲ ነዋል ኤል ሳዳዊ በፈረንጆቹ 1981 በሳዳት ጊዜ ስትታሰር በቅንድብ መኳያ እርሳስ ሽንት ቤት ወረቀት ላይ ጽፋለች ሲባል አንብቤያለሁ። የኛዎቹስ እንዲህ የመሰለ ነገር አላደረጉም?

ዳንቴል

ልጆች፣ ዝም ብዬ ሳነባችሁ ቆየሁ። እኔ ታስሬ ነበር። ስሜን አልጽፍም፤ የታሰርኩበትንም ቦታ አልጠራም። ዛሬ እዚያ ሰፈር የሚኖሩ ሰዎች አሉ።

አዲስ አንባቢ፣ የኔ ልጅ፣ የጠየቅከው ጥሩ ነው። እኔ እስር ቤት ውስጥ ጽፌያለሁ። የጻፍኩት ግን ለእኔ አልነበረም።

በ1970 ከቤት ወሰዱኝ። መጀመሪያ አንድ ቀበሌ ነው የቆየሁት። ከግርፋቱ በኋላ፣ እግሬ መቆም ሲያቅተው፣ ጠረጴዛ አጠገብ አስቀምጠው ወረቀትና እስክሪብቶ ሰጡኝ። «የሕይወት ታሪክሽን ከልጅነትሽ ጀምረሽ ጻፊ» አሉኝ። ጻፍኩ። መርማሪው አነበበና ቀደደው። «ይሄ ልብ ወለድ ነው፣ ሰው የለበትም» አለ። ሰው የሚለው ስም ማለቱ ነው። እንደገና ጻፍኩ። እንደገና ቀደደ። አጠገቤ ያለችው ልጅ ጆሮዬ ላይ «የሞቱትን ጻፊ» አለችኝ። የሞቱትንና ከአገር የወጡትን ብቻ እያሰብኩ ጻፍኩ። አንድ ስም ላይ ግን እርግጠኛ አልነበርኩም። መሞቱን ሰምቻለሁ እንጂ አላየሁም። እስክሪብቶውን ይዤ ቆምኩ። ብጽፈውና በሕይወት ቢኖርስ? አልጻፍኩትም። ለዚያ ስም ብዬ ሌላ ዙር ተገረፍኩ።

አየሽ ወረቀትና ቀለም፣ ያልሽው ይሄን ነው። ከወጣሁ በኋላ ለብዙ ጊዜ ለዘመድ ደብዳቤ እንኳ መጻፍ አቃተኝ። ሰላምታዬን ጽፌ «እገሌ እንዴት ነው?» ልል ስል እጄ ይቆማል። ስም መጻፍ አልችልም። ወረቀቱን የሚያነበው ያው ሰውዬ ነው የሚመስለኝ። ደርግ ከወደቀም በኋላ እንዲሁ ነበር። ሰውዬው የመንግሥት ሥርዓት አልነበረም፤ ጭንቅላቴ ውስጥ ነበር የተቀመጠው።

ወረቀትና ቀለም

እትዬ፣ ይህን ስላካፈሉን በጣም አመሰግናለሁ። ጥያቄዬን ስጽፍ የምጠረጥረው ነገር ነበረኝ፤ እንዲህ አድርጎ የነገረኝ ሰው ግን አልነበረም።

የማይከብድዎ ከሆነ አንድ ነገር ልጠይቅ። ለራሳችሁ ምንም አትጽፉም ነበር ማለት ነው? መልእክትም?

ዳንቴል

በወረቀት አይደለም እንጂ መልእክትማ ነበር።

ስንቅ ሲገባ ጠባቂው ይፈትሻል። ወጡን በእንጨት ያማስለዋል። ድፎ ዳቦ ከሆነ ይቆራርጠዋል። እንጀራውን ገልበጥ ገልበጥ ያደርገዋል። የሚፈልገው ወረቀት ነው። እናቴ ፊደል አልቆጠረችም። ግን መላ አላት። እንጀራውን ሁለት ጊዜ አጥፋ ከላከች ቤት ሰላም ነው። ጠቅልላ ከላከች አንድ ሰው ተይዟል። ማን እንደሆነ አላውቅም። ሌሊቱን ሙሉ ወንድሞቼን በየተራ አስባለሁ። ጠባቂው ግን እንጀራ ነው ያየው።

እኛም ወደ ውጭ የምንልከው ባዶውን ሳህን ነው። ሳህኑ ታጥቦ ከተመለሰ ደህና ነኝ ማለት ነው። ሳይታጠብ ከሄደ ታምሜያለሁ።

በር ላይ «ከእንግዲህ ስንቅ አታምጪ» የተባለች እናት ደግሞ ሌላ ማብራሪያ አያስፈልጋትም። አዲስ አበባ ውስጥ ይህን የማያውቅ ሰው አልነበረም። ልብሱን አጣጥፈው ይሰጧታል። ይዛ ትሄዳለች። ማልቀስ እንኳ ክልክል የነበረበት ጊዜ ነው።

የካዛንቺስ ልጅ

እትዬ፣ የእኛ ሰፈር እናቶች ይህን ሲያወሩ ልጅ ሆኜ ሰምቻለሁ። እንዳነበብኩት ዝም ብዬ ተቀመጥኩ። ዕድሜ ይስጥዎ።

ሐረግ

ማንም ያላነሳው ነገር አለ፤ እኔ ላንሳው።

ሴት ልጅ እስር ቤት ቆይታ ስትወጣ ሰፈሩ የሚጠይቃት ጥያቄ አለ። ባይጠይቃትም በዓይኑ ይጠይቃታል። ገራፊዎቹ ሴቶች ላይ ያደረጉትን ሁሉም ያውቃል፣ ማንም አይጠራውም። ቤተሰብ «እንኳን በሕይወት ወጣሽ፣ ያለፈው አለፈ» ይላል። ከፍቅር ነው የሚሉት። ትርጉሙ ግን አታውሪ ነው። ከዚያ ታገባለች። ባሏ ያውቃል ወይም አያውቅም። ልጆች ይወለዳሉ። መጽሐፍ ብትጽፍ መጀመሪያ የሚያነበው ልጇ ነው። አማቷም ታነባለች።

ስለዚህ ብዙዎቹ የጠበቁት ልጆቻቸው እስኪያድጉ፣ ወላጆቻቸው እስኪያልፉ ይመስለኛል። 30 ዓመት የሚባለው ቁጥር የአንድ ትውልድ ዕድሜ ነው። ለእኔ ስሌቱ እዚያ ላይ ነው።

በእንግሊዝኛ መጻፉም ከዚሁ ጋር ይሄዳል። እናትሽ በማታነበው ቋንቋ መጻፍ ይቀላል።

ዳንቴል

ሐረግ፣ እግዜር ይስጥሽ። ያልሽው ልክ ነው። ከዚህ በላይ አልጨምርበትም።

መዝገብ ቤት

ሌላም ምክንያት አለ፤ ይሄ ከባዱ ነው። ሕይወት ተፈራ የሚወዱትን ሰው ጌታቸው ማሩን ያጡት በ1969 ነው። ጌታቸው የኢሕአፓ አመራር አባል ነበር። የገደለው ደርግ አይደለም። «አንጃ» ተብሎ የገዛ ድርጅቱ ነው የገደለው። እሳቸው ደግሞ የታሰሩት የዚያው ድርጅት አባል ናችሁ ተብለው ነው። ደርግ ያሰረሽ፣ ድርጅትሽ ፍቅረኛሽን የገደለብሽ ሰው ሆነሽ ታሪክሽን ከየት ትጀምሪዋለሽ? ለማን ብለሽ ትጽፊዋለሽ? የድርጅቱ ሰዎች ይቀየማሉ፣ የደርግ ሰዎች «አያችሁ፣ እርስ በርሳቸው ነው የተፋጁት» ይላሉ። እንዲህ ያለውን መጽሐፍ ለመጻፍ የሁለቱንም ወገን ጩኸት ለመቻል መዘጋጀት ያስፈልጋል። እኔ ለሳቸው ትልቅ አክብሮት ያለኝ ለዚህ ነው።

ከእሳቸው ሌላ የማርታ ኩምሳን ታሪክም እዩ። «በሪሳ» የሚባለው የኦሮምኛ ጋዜጣ ጋዜጠኛ ነበሩ። በ1972 ተያዙ። ክስ አልተመሠረተባቸውም፣ ፍርድ ቤት አልቀረቡም። የተፈቱት በ1982 ዘመን መለወጫ አካባቢ ነው። ወደ 10 ዓመት መሆኑ ነው። በዚያ ሁሉ ጊዜ የሰሜኑ ጦርነት እየተፋፋመ ነበር፤ እሳቸው ከልጆቻቸው ተነጥለው አዲስ አበባ እስር ቤት ውስጥ ነበሩ። ፔን የሚባለው የዓለም ደራስያን ማኅበር የካናዳው ቅርንጫፍ ስማቸውን ይዞ ሲጮህ ኖሯል። ከተፈቱ በኋላ በኬንያ በኩል ካናዳ ገቡ፣ ተማሩ፣ እዚያው የዩኒቨርሲቲ ፕሮፌሰር ሆኑ።

እኛ ግን አገር ውስጥ ስንቶቻችን ስማቸውን እናውቃለን? የውጭ አገር ደራስያን ደብዳቤ ሲጽፉላቸው እኛ ኢትዮጵያ ውስጥ እንዲህ ያለች ጋዜጠኛ መታሰሯን አንሰማም ነበር። ይሄ ያናድደኛል።

አዲስ አንባቢ

የመሳፍንቱ ቤተሰብ ሴቶችም ታስረው ነበር አይደል?

መዝገብ ቤት

አዎ። ልዕልት ተናኘወርቅና ልጆቻቸው፣ ሌሎችም የንጉሡ ቤተሰብ ሴቶች፣ ከ1967 ጀምሮ ታስረዋል። ልዕልት እጅጋየሁ አስፋ ወሰን እስር ላይ ሳሉ በ1969 አረፉ። የቀሩት ሴቶች የተፈቱት ግንቦት 1980 ነው። 14 ዓመት ገደማ ያለ ፍርድ።

ጠያቂው

ሁላችሁንም አከብራለሁ። ግን አንድ ጥያቄ ይኖረኛል።

ከ30 ዓመት በኋላ የተጻፈን ነገር እስከምን እንመን? በተለይ ንግግር በትእምርተ ጥቅስ ሲቀመጥ። «እሱ እንዲህ አለኝ፣ እኔም እንዲህ ብዬ መለስኩ» እየተባለ ገጽ ሙሉ ይጻፋል። ሰው የትናንቱን ንግግር እንኳ በትክክል አያስታውስም። ወረቀት አልነበረም እያላችሁ ነው፤ ማስታወሻ አልነበረም። ታዲያ ይሄ ታሪክ ነው ልብ ወለድ? መጠየቄ ለማናናቅ አይደለም። ታሪክ ተብሎ ለልጆቻችን የሚተላለፍ ከሆነ መጠየቅ ስላለበት ነው።

ወረቀትና ቀለም

መጠየቅህ ተገቢ ነው። እኔ ግን እንዲህ አየዋለሁ። የወንዶቹ የፖለቲካ መጽሐፍ ላይ «በዚህ ስብሰባ ላይ እገሌ እንዲህ አለ» ሲባል ይሄን ጥያቄ ስንጠይቅ አልሰማሁም። ስለ ሴት እስረኛ መኝታና ስንቅ ሲሆን ማስረጃ እንፈልጋለን። መለኪያው አንድ ይሁን ነው የምለው።

መዝገብ ቤት

ጠያቂው፣ በሌላ በኩል ደግሞ ይሄ ዘመን ማስረጃ የሌለው ዘመን አይደለም። ደርግ ራሱ ወረቀት ይወድ ነበር። የልዩ ዐቃቤ ሕግ መሥሪያ ቤት ተቋቁሞ ታኅሣሥ 1987 ችሎቱ ሲጀመር ከቀረቡት ማስረጃዎች ብዙዎቹ የደርግ የራሱ ሰነዶች ናቸው። ፊርማ ያለባቸው፣ ማኅተም ያረፈባቸው። ፍርዱም በነዚያና በምስክሮች ቃል ነው የተሰጠው። መንግሥቱ ኃይለ ማርያም በሌሉበት ታኅሣሥ 1999 በዘር ማጥፋት ወንጀል ጥፋተኛ ተባሉ፤ ግንቦት 2000 በይግባኝ ሞት ተፈረደባቸው።

ስለዚህ የሰው ትዝታ ከሰነዱ ጋር መመሳከር ይችላል። ግን ተመልከት፣ ሰነዱ ላይ ያለው «እርምጃ ተወስዷል» ነው። ስንት ሰው በአንድ ክፍል እንደተኛ፣ ማን ለማን ነጠላዋን እንዳለበሰች ሰነዱ አይልም። ያንን ከሰዎቹ በቀር የሚነግረን የለም።

ዳንቴል

ጠያቂው፣ ልጄ፣ አልተቀየምኩህም። እኔም ንግግሩን ቃል በቃል አላስታውስም። ቀኑንም አሳስታለሁ። እህቴ ጋ እስከዛሬ በወሩ እንከራከራለን።

የማስታውሰው ሌላ ነው። ክፍሉ ጠባብ ስለነበር በጎን ነው የምንተኛው። አንዷ ብትገላበጥ ሁላችንም መገላበጥ አለብን። ሌሊት አንድ ትልቅ ሴት ነበሩ፣ «ዙር» ይሉናል። ሁላችንም በአንድ ጊዜ እንዞራለን። በቀኝ በኩል ያለችው ልጅ ጸጉር ፊቴ ላይ ያርፋል። የቅባቱ ሽታ እስከዛሬ አፍንጫዬ ላይ አለ። አንድ ሌሊት ስሟ ተጠራ። «ልብስሽን አትያዢ» አሏት። ሻሽዋን ለእኔ ሰጥታኝ ወጣች። ጠዋት ማንም ምንም አላለም። ማታ ሴትየዋ «ዙር» ሲሉን በቀኜ በኩል ባዶ ነበር፤ ክፍተቱን ለመሙላት ማንም አልተጠጋም።

ይሄን ማንም ሰነድ አያረጋግጥልኝም። ብትጠራጠር አልፈርድብህም። እኔ ግን በምንም አልለውጠውም።

ጠያቂው

ይቅርታ እትዬ። አልጠራጠርም። ጥያቄዬ ስለ መጽሐፍ አጻጻፍ ነበር። እርስዎ ግን አሁን የጻፉት መንገድ ይሻላል ብዬ አስባለሁ፤ የሚያስታውሱትንና የማያስታውሱትን ለይተው ነው የነገሩን።

ከባሕር ማዶ

ከሌላ አገር አንድ ልጨምር፤ ለማነጻጸር ይጠቅማል።

ካርሎታ ኦኒል የስፔን ጋዜጠኛና ጸሐፌ ተውኔት ናት። ባሏ ቪርሂሊዮ ሌሬት የአየር ኃይል መኮንን ነበር፣ ሰሜን አፍሪካ ዳርቻ ላይ ባለችው ሜሊላ። በፈረንጆቹ ሐምሌ 1936 የፍራንኮ ወገን መፈንቅለ መንግሥት ሲያስነሣ ባሏ እምቢ ብሎ ተዋጋ። ተያዘ፣ ተረሸነ። እሷን ደግሞ ከሁለት ትንንሽ ሴት ልጆቿ ነጥለው አሰሯት። የባሏን መገደል የሰማችው እስር ላይ ሆና ነው። ወታደራዊ ፍርድ ቤት አቀረቧት። ስትወጣ ደግሞ ልጆቿን ለማስመለስ ሌላ ትግል ጠበቃት።

ስለ እስሩ ጽፋለች። ግን ፍራንኮ ገና በሥልጣን ላይ ነው። ፖሊስ ቤት ይፈትሻል። የጻፈችውን ትደብቃለች፣ ታጠፋለች፣ እንደገና ትጽፋለች። መጨረሻ ላይ አገር ለቅቃ ሄደች። መጽሐፏ የታተመው በፈረንጆቹ 1964 ሜክሲኮ ውስጥ ነው። እሷም ወደ 30 ዓመት ገደማ ፈጀባት።

ስለዚህ ነገሩ የኛ አገር ብቻ አይደለም። እርስ በርስ ጦርነት ውስጥ አሳሪሽ የውጭ ጠላት አይደለም። ጎረቤትሽ ነው፣ ቋንቋሽን ይናገራል። ጦርነቱ ሲያልቅም እዚያው ገበያ ታገኚዋለሽ።

ዳንቴል

የመጨረሻው ዐረፍተ ነገር እውነት ነው። እኔ ከገራፊዎቼ አንዱን ከብዙ ዓመት በኋላ ለቅሶ ቤት አገኘሁት። ነፍስ ይማር አለኝ። ነፍስ ይማር አልኩት።

የካዛንቺስ ልጅ

ቦታዎቹም እየጠፉ መሆኑን እንዳንረሳ። ዓለም በቃኝ የሚባለው የአዲስ አበባ ወኅኒ ቤት ፈርሷል። ዛሬ እዚያ ላይ የቆመው በ2004 የተመረቀው የአፍሪካ ኅብረት ሕንጻ ነው። ማዕከላዊ የሚባለው የምርመራ እስር ቤት በ2010 ተዘግቷል። መስቀል አደባባይ ያለው የቀይ ሽብር ሰማዕታት መታሰቢያ ሙዚየም መኖሩ ጥሩ ነው፤ ልጆቻችሁን ውሰዱ። የቀበሌ እስር ቤቶቹ ግን ዛሬ መጋዘን፣ ቢሮ፣ መዝናኛ ክበብ ሆነዋል። ግድግዳው ላይ ምልክት የለም። ሰው በሩ ላይ ቆሞ ቡና ይጠጣል።

ለዚህ ነው ሰዎቹ በሕይወት እያሉ መጠየቅ ያለባቸው የምለው። በ1970 የ20 ዓመት ልጅ የነበረች ዛሬ አሮጊት ናት።

የእናቷ ልጅ

ይህን ውይይት አንብቤ አካውንት የከፈትኩት አሁን ነው።

እናቴ ታስራለች። ሁላችንም እናውቃለን፣ ማንም አይናገርም። ጎበዝ ጸሐፊ ነበረች ይላሉ አክስቶቼ። ዩኒቨርሲቲ እያለች ግጥም ታነብ ነበር አሉ። እኔ አንድም ግጥሟን አላየሁም። አንድ ጊዜ «እማዬ፣ እስር ቤት ምን አደረጉሽ?» ብዬ ጠየቅኳት። ተነስታ ወጥ ቤት ገባች። ከዚያ በኋላ ደግሜ አልጠየቅኩም።

እትዬ ዳንቴል፣ እርስዎ እንዴት መናገር ቻሉ? ልጅዎ ምን ብላ ጠየቀችዎት?

ዳንቴል

የኔ ልጅ፣ ጥያቄሽ ነው የከበዳት። «ምን አደረጉሽ?» የመርማሪ ጥያቄ ነው። መልሱ ደግሞ ለልጅ የሚነገር አይደለም።

እኔን ያናገረኝ የልጅ ልጄ ነው። ዳንቴል ስሠራ አይቶ «አያዬ፣ ማን አስተማረሽ?» አለኝ። እስር ቤት ነው የተማርኩት። ክሩን ማን እንደሰጠኝ፣ ኪሮሹን ከሽቦ እንዴት እንደሠራነው፣ የሠራነው ተሽጦ ሳሙና እንደምንገዛበት ነገርኩት። ስለ ግርፋት አንድ ቃል አላወራሁም። ግን እያወራሁ ሴቶቹ አንድ በአንድ መጡ። ያን ቀን ስማቸውን ጮክ ብዬ ጠራሁ። ስም መጥራት የቻልኩት ያኔ ነው።

ስለዚህ ስለ ሰዎቹ ጠይቂያት። ከማን ጋር ትተኚ ነበር በያት። ማን ያስቃችሁ ነበር? ስንቅ ማን ያመጣልሽ ነበር? ማን ዘፈን ይችላል? እዚያ ውስጥ ሳቅ ነበር እኮ፤ ሰው ይሄን አያምንም። ፊደል ያልቆጠሩ እናቶችን እናስተምር ነበር። አንዷ ስሟን መጻፍ የቻለች ቀን እልል ብለን ተቀጥተናል።

ስለ ግጥሙ አትጠይቂያት። ራሷ ካመጣችው ታምጣው። ካቃጠለችው ደግሞ ሐዘኑ የሷ ነው።

ሐረግ

እትዬ፣ እርስዎስ? ይህን ሁሉ እዚህ ጽፈውልናል። መጽሐፍ አይሆንም?

ዳንቴል

መጽሐፍ የሚሆን ጉልበት የለኝም፤ ዓይኔም ደክሟል። እዚህ ስጽፍ ግን ሰውዬው አላነበበኝም። ይሄን አሁን ነው ያስተዋልኩት። የምታነቡት እናንተ ናችሁ።

ወረቀትና ቀለም ብትመጣና ብትጽፍልኝ እነግራታለሁ። ስም ግን ከማውቃቸው ቤተሰቦች ፈቃድ ሳላገኝ አይወጣም። ይሄን ከአሁኑ ልንገርሽ።

ወረቀትና ቀለም

እትዬ፣ እጅ ነስቻለሁ። እመጣለሁ። ስም እርስዎ ካላሉ አንድም አይጻፍም፤ ጽፌ ካነበብኩልዎት በኋላ ይውጣ ያሉት ብቻ ነው የሚወጣው። በውስጥ መስመር ጻፍኩልዎት።

የእናቷ ልጅ

አመሰግናለሁ እትዬ። ቅዳሜ እናቴ ጋ እሄዳለሁ። ስንቅ ማን ያመጣላት እንደነበር ነው የምጀምረው። አክስቴ ትመስለኛለች፤ እሷንም ይዣት ብሄድ ይሻላል?

አንድ ነገር ብቻ። በስልኬ ልቅዳት ወይስ ዝም ብዬ ልስማ?

ዳንቴል

አክስትሽን ውሰጃት። ሁለት ሆነው ሲያወሩ አንዷ የረሳችውን ሌላዋ ታነሳዋለች፤ አንቺም ጠያቂ ሆነሽ አትቀመጪም።

የመጀመሪያው ቀን አትቅጃት። ወረቀትም እንዳታወጪ፣ በተለይ ወረቀት። ብቻ ስሚያት። በሌላ ቀን «እማዬ፣ ባለፈው ያልሽኝ እንዳይጠፋብኝ ልቅዳው ወይ?» በያት። እምቢ ካለች ተዪው፤ ማታ ቤትሽ ገብተሽ የሰማሽውን ለራስሽ ጻፊ፤ የጻፍሽውንም መልሰሽ አንብቢላት።